የእንቁጣጣሽ ዋዜማው ሯጭ ሻምበል አበበ ቢቂላ

ጳጉሜን ቀኗ ጥቂት፣ ተስፋዋ ግን ብዙ የሆነ ወር ናት። አሮጌው ዓመት ሊሰናበት ሲቃረብ በጣና ሐይቅ ዙሪያና በዓባይ ዳር የሚኖረው ምእመን፣ ጤነኛው በእግሩ፣ ሕመምተኛው በቃሬዛ ወይም በወገኑ ጀርባ ላይ ሆኖ፣ ወደ ጠበልና ወደ ወራጅ ውኃ ይወርዳል። በተለይም በጳጉሜን 3 ቀን፣ በፈዋሹ መልአክ በቅዱስ ሩፋኤል በዓል፣ ዝናቡ ሳይቀር እንደ ጠበል ስለሚቈጠር ልጅ አዋቂው ከደጅ ወጥቶ ይጠመቃል። ከባሕር ዳር አጠገብ በምትገኘው በመሸንቲም እንደ ሌላው አገር ሁሉ ልማዱ ይኸው ነው። ከዚያ ዐደይ አበባው ይቀጠፋል፣ ቄጠማው ይጎዘጎዛል፣ ዘመድ ከዘመድ ይጠያየቃል። በቃሬዛ ወርዶ በእግሩ የተመለሰ ሰው አምላኩን እያመሰገነ ወደ አዲሱ ዓመት ይሻገራል። በቃሬዛ ወርዶ በቃሬዛ የተመለሰውስ? ለእርሱም እኮ እንደ ማንኛችንም 13 ወራት ተሰጥተውታል። ይሁን እንጂ በብዙ ቤት እንደሚታየው የበዓል እንግዳ ሊመጣ ሲል የእርሱ መኝታ ወደ ጓዳ ይዛወራል፤ በዓሉንም የሚሰማው በግድግዳ በኩል ነው።

በዚህ በቅዱስ ዮሐንስ በዓል የሕይወቱን ታሪክ የምንተርክለት ሰው ለአንባብያን እንግዳ አይደለም። ስሙን ያልሰማ ኢትዮጵያዊ ይገኛል ለማለት ያስቸግራል። ነገር ግን ሕዝቡ ዘወትር የሚያወሳው የሩጫውን ዘመን ብቻ ስለ ሆነ፣ በተሽከርካሪ ወንበር ላይ ያሳለፋቸው 4 ዓመት ከ7 ወራት እንደ አሳዛኝ ፍጻሜ ብቻ ተቈጥረው በአንድ ዐረፍተ ነገር ይታለፋሉ። በእኛ አስተያየት ይህ ትክክል አይደለም። የሻምበል አበበ ቢቂላ ሕይወት ሁለት ክፍል ያለው ሲሆን ሁለተኛው ክፍል ከመጀመሪያው የሚያንስ አይደለም።

አበበ ነሐሴ 1 ቀን 1924 ዓ.ም.፣ የፍልሰታ ጾም በሚገባበት ዕለት፣ በሸዋ ጃቶ በተባለች መንደር ከአባቱ ከአቶ ቢቂላ ደምሴና ከእናቱ ከወይዘሮ ውድነሽ በነበሩ ተወለደ። ወላጆቹ ያወጡለት ስም የአበባን መፍካት የሚያመለክት መሆኑ ኋላ ከእንቁጣጣሽ ጋር ለተሳሰረው ታሪኩ እንደ ትንቢት ያለ ነበር ቢባል ማጋነን አይሆንም። በወጣትነቱ ወደ አዲስ አበባ መጥቶ በክቡር ዘበኛ ሠራዊት ውስጥ ተቀጠረ። በሠራዊቱ ውስጥ የስዊድኑ አሠልጣኝ ኦኒ ኒስካነን የሯጭነት ተሰጥዎውን አይተው በረጅም ርቀት ያለማምዱት ጀመር።

በሮም ከተማ በተደረገው የኦሊምፒክ ጨዋታ የማራቶን ሩጫ የተካሄደው ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም. ነው። ሩጫው የተጀመረው ፀሐይ ወደ ምዕራብ ካዘነበለች በኋላ በመሆኑ ከተማዪቱ ሳይጨርሱ ጨለመባት፤ በጥንታዊው የአፒያ መንገድ ግራና ቀኝ የጣሊያን ወታደሮች ችቦ ይዘው ቆሙ። በዚያችው ሰዓት በአገር ቤት የእንቁጣጣሽ ዋዜማ ነበረ፤ ቤተ ክርስቲያን ዕለትን የምትቈጥረው ከዋዜማው ምሽት ጀምራ ስለ ሆነ አዲሱ 1953 ዓ.ም. ገብቶ ነበር ማለት ይቻላል። ለዋዜማው ችቦ በሚያበሩት በእኛ ሰፈሮችና በሮም ጎዳና መካከል የነበረውን መመሳሰል በዚያች ሌሊት ልብ ያለው ሰው መኖሩን እንጃ።

አበበ የተሰጠው ጫማ ስላልተመቸው እንደ ልምምዱ ሁሉ በባዶ እግሩ ሮጠ። መጨረሻው ሊቀርብ ሲል፣ በ1929 ዓ.ም. በፋሽስቶች ተዘርፎ በሮም አደባባይ በቆመው የአክሱም ሐውልት አጠገብ፣ ከሞሮኮው ሯጭ ከራዲ ቤን አብደሰላም ተለይቶ ወደ ፊት ተስፈነጠረ። በቈስጠንጢኖስ የድል ቅስት ሥር በ2 ሰዓት ከ15 ደቂቃ ከ16 ሰከንድ ሲገባ በወቅቱ በዓለም የተመዘገበውን ፈጣን ጊዜ አስመዘገበ፤ ከሰሐራ በታች ካሉት የአፍሪካ አገሮች በኦሊምፒክ የወርቅ ሜዳልያ ያገኘ የመጀመሪያው ሰውም ሆነ። ሐውልቱ ራሱ ወደ አገሩ የተመለሰው ከ45 ዓመት በኋላ፣ በ1997 ዓ.ም. ነው።

ከዚያ ወዲያ ያለው የሩጫ ዘመኑ የታወቀ ነውና እናሳጥረው። በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. ክቡር ዘበኛ በመራው መፈንቅለ መንግሥት ምክንያት እንደ ባልንጀሮቹ ተይዞ ነበር፤ ወዲያው ተለቀቀ። በቶኪዮ ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. የትርፍ አንጀት ቀዶ ጥገና ከተደረገለት 6 ሳምንት እንኳ ሳይሞላው፣ ይህን ጊዜ ጫማ ተጫምቶ፣ ሁለተኛ የወጣውን ከ4 ደቂቃ በላይ ቀድሞ በ2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሰከንድ ገባ። ማራቶንን በኦሊምፒክ ሁለት ጊዜ ያሸነፈ የመጀመሪያው ሰው እርሱ ነው። ከመንግሥት ከተሰጡት ሽልማቶች አንዷ ቮልስዋገን መኪና ነበረች። በጥቅምት 1961 ዓ.ም. በሜክሲኮ ከተማ ግን እግሩ ታምሞ ስለ ነበር ግማሹን መንገድ ሳያደርስ አቋረጠ፤ ድሉንም ወዳጁ ማሞ ወልዴ ለአገሩ አስቀረላት።

ከሜክሲኮ በተመለሰ በአምስተኛው ወር፣ መጋቢት 13 ቀን 1961 ዓ.ም. ቅዳሜ ሌሊት፣ አበበ ያችን ቮልስዋገን ሲነዳ መኪናዋ ከቁጥጥሩ ውጭ ሆና ተገለበጠች። እርሱም ከውስጧ መውጣት ሳይችል አደረ፤ ሰው ደርሶ ያወጣው በማግሥቱ ጧት ነው። ማግሥቱ ዕለተ ሰንበት፣ የዐቢይ ጾም ስድስተኛው ሳምንት ገብር ኄር ነበረ። በዚያ ጧት በየአብያተ ክርስቲያናቱ የሚነበበውና የሚሰበከው የባለ መክሊቶቹ ምሳሌ እንደ ሆነ ምእመናን ያውቃሉ፤ በተሰጠው ያተረፈውና የተሰጠውን በመሬት የቀበረው ታሪክ ማለት ነው። የአንገቱ አጥንት ተጎድቶ ስለ ነበር አበበ ከአንገት በታች መንቀሳቀስ አልቻለም። ያ ፈጣን እግር በአንዲት ሌሊት ዝም አለ።

በመጀመሪያ ወደ ክቡር ዘበኛ ሆስፒታል ተወሰደ። በሳምንቱ፣ መጋቢት 20 ቀን፣ በአውሮፕላን ወደ እንግሊዝ አገር ተጭኖ ስቶክ ማንደቪል በተባለው ሆስፒታል ገባ። የዚያ ዓመት የትንሣኤ በዓል ሚያዝያ 5 ቀን ስለ ዋለ፣ ፋሲካን ያሳለፈው ራሱን እንኳ ማዞር ሳይችል በባዕድ አገር አልጋ ላይ ተኝቶ ነው። ንግሥት ኤልሳቤጥ 2ኛ መጥተው ጠየቁት፤ ከዓለም ዙሪያም የመልካም ምኞት ካርድ ጎረፈለት። ግን ለአበበ የጠቀመው የነገሥታት ጉብኝት ሳይሆን የሆስፒታሉ ሥርዓት ነበረና ስለዚህ ሥርዓት ጥቂት መናገር ይገባል።

ኅብለ ሰረሰሩ የተጎዳ ሰው ቀደም ባለው ዘመን በአውሮፓም ቢሆን በጥቂት ዓመታት ውስጥ ይሞት ነበር። የሚገድለውም ጉዳቱ ራሱ ሳይሆን በአንድ ጎን በመተኛት የሚመጣው ቁስልና የሽንት መውረጃው መመረዝ ነው። በ1936 ዓ.ም. በስቶክ ማንደቪል የኅብለ ሰረሰር ሕሙማን ክፍልን የከፈቱት ዶክተር ሉድቪግ ጉትማን፣ ከናዚዎች ሸሽተው ወደ እንግሊዝ የገቡ የጀርመን አይሁዳዊ ሐኪም ነበሩ። ያመጡት መድኃኒት ተአምር የሚመስል አልነበረም፤ እያንዳንዱ ሕመምተኛ በየ2 ሰዓቱ፣ ሌሊትም ቀንም፣ ወደ ሌላው ጎኑ እንዲገላበጥ አዘዙ። ገላው እንዲደርቅ፣ ሽንቱ እንዲጠበቅ፣ ክንዱ እንዲበረታ አደረጉ። ከዚያም ሥራና ጨዋታ ጨመሩለት። በ1940 ዓ.ም. የለንደን ኦሊምፒክ በተከፈተበት ዕለት በሆስፒታሉ ሜዳ 16 ጉዳተኞችን በተሽከርካሪ ወንበር ላይ አስቀምጠው በቀስት ኢላማ አወዳደሩ።

አንባቢን የሚያስደንቀው ነገር እዚህ ላይ ነው። ይህ ውድድር አድጎ ለመጀመሪያ ጊዜ ከእንግሊዝ አገር ውጭ የኦሊምፒኩን ከተማ ተከትሎ የተካሄደው በሮም ሲሆን ጊዜውም መስከረም 8 ቀን 1953 ዓ.ም.፣ ማለትም አበበ ባሸነፈ በ8ኛው ቀን ነበር። ከ23 አገሮች የተውጣጡ 400 ያህል ጉዳተኞች ተሳተፉበት። በቶኪዮም አበበ ከሮጠ 20 ቀን ሳይሞላ እነዚሁ ባለ ተሽከርካሪ ወንበሮች በከተማዪቱ ተሰበሰቡ። በሁለቱም ከተሞች እርሱ ሜዳልያውን ይዞ ወደ አገሩ ሲመለስ ከኋላው የሚመጡትን ሰዎች አላያቸውም፤ አንድ ቀን ከእነርሱ እንደ አንዱ እንደሚሆን ማን ያስብ ነበር?

አበበን ያሰነካከለው የመኪና አደጋ ነው። ሰውን አልጋ ላይ የሚጥለው ነገር ግን ብዙ ነው፤ በእኛ አገር የጀርባ አጥንት ቲቢም፣ የደም ግፊት የሚያስከትለው ስትሮክም ያንኑ ያደርጋሉ። መልቲፕል ስክለሮሲስ የተባለውም ደዌ አለ፤ የሰውነት የመከላከያ ኃይል ተሳስቶ የገዛ ራሱን የነርቭ ሽፋን የሚያጠቃበት ሕመም ነው። ከምድር ወገብ ርቀው ባሉ አገሮች ይበዛል እንጂ በአገራችን እምብዛም አይታይም፤ ስለዚህም ሲመጣ የሚያውቀው ጥቂት ነው። ዓይን ያፈዛል፣ እግር ያዝላል፣ እጅ ያደነዝዛል፤ ከብዙዎቹ ሕሙማን ላይ ለወራት ጋብ ብሎ ደግሞ ይነሣል። በዚህ የተያዘ ሰው ትናንት ሲራመድ ታይቶ ዛሬ መነሣት ሲያቅተው ጎረቤት ስንፍና ወይም መንፈስ ነው ይለዋል። የአበበ ዕጣ አንድ ጊዜ ወርዶ ያበቃ መከራ ሲሆን የእነዚህኞቹ ግን በየጊዜው አዲስ የሚሆን ነው። ቢሆንም የተሽከርካሪው ወንበር፣ የመገላበጡ፣ የክንድ ልምምዱ ነገር ለሁሉም አንድ ነው።

አበበ በስቶክ ማንደቪል 8 ወር ቆየ። መጀመሪያ ራሱን ማዞር ጀመረ፣ ቀስ በቀስም ክንዶቹ ተመለሱለት። እግሮቹ አልተመለሱም። ለሚጸልዩለት ወገኖቹ ይህ ከባድ ዜና እንደ ነበር አያጠራጥርም፤ በአውሮፕላን የሄደው ጀግና በእግሩ ከአውሮፕላኑ ሲወርድ ለማየት የተመኘው ሕዝብ ብዙ ነበርና። እርሱ ግን ድሉን ከእግዚአብሔር ፈቃድ እንደ ተቀበለ ሁሉ አደጋውንም እንዲሁ መቀበሉን ለጠያቂዎቹ ይገልጽ እንደ ነበር ይታወሳል። መቀበል ማለትም ለእርሱ አርፎ መተኛት አልነበረም። በሐምሌ 1962 ዓ.ም. በዚያው በስቶክ ማንደቪል በተደረገው ዓመታዊ ጨዋታ ላይ በቀስት ኢላማና በጠረጴዛ ቴኒስ ተወዳደረ። የዓለም ሻምፒዮን የነበረ ሰው በማያውቀው ጨዋታ፣ ገና ኃይላቸው ባልጸና ክንዶች፣ እንደ ጀማሪ ሆኖ በሰው ፊት ቀረበ። እኛን ከቶኪዮው ድል ይልቅ የሚያስደንቀን ይህ ነው፤ ታላቅ የነበረ ሰው እንደገና ጀማሪ ለመሆን መፍቀዱ።

በ1963 ዓ.ም. የጸደይ ወራት ደግሞ በኖርዌይ አገር ለአካል ጉዳተኞች በተዘጋጀ ጨዋታ ላይ በክብር እንግድነት ተጠራ። እንግዳ ሆኖ መቀመጡን አልወደደም። በቀስትና በጠረጴዛ ቴኒስ ከመወዳደሩ ሌላ፣ በውሾች በሚጎተት የበረዶ ላይ ተንሸራታች 16 ተወዳዳሪዎች በተሰለፉበት ግጥሚያ በ1 ሰዓት ከ16 ደቂቃ ከ17 ሰከንድ አንደኛ ወጣ። በረዶ በማያውቅ የሸዋ ደጋ ተወልዶ በበረዶ አገር ያሸነፈ ኢትዮጵያዊ ጉዳተኛ ታሪክ ለልጆቻችን ከሮሙ ታሪክ ጎን ሊነገር በተገባው ነበር።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ሳይነገር ቢታለፍ ቅንነት አይሆንም። አበበን ወደ ውጭ አገር የላከው መንግሥት ነው፤ 8 ወር ሙሉ በየ2 ሰዓቱ የሚያገላብጡት የሠለጠኑ ነርሶች ነበሩት። ከዛፍ ወድቆ ወገቡ የተሰበረ የመሸንቲ ገበሬ ይህ የለውም። ስለዚህ የአበበን ጽናት እያነሡ አልጋ የያዘውን ድሀ በርታ ብቻ ማለት ሸክም መጨመር ነው። በወንጌል የተነገረለት፣ ቤተ ክርስቲያንም በዐቢይ ጾም አራተኛ ሰንበት የምታስበው መጻጉዕ 38 ዓመት የተኛው ጽናት አጥቶ አልነበረም፤ ወደ ጠበሉ የሚያወርደው ሰው አጥቶ ነው። በየ2 ሰዓቱ ማገላበጥ ደግሞ ዶክተር ጉትማን ይዘዙት እንጂ ወንድምና እኅት፣ ልጅና የልጅ ልጅ ተራ ገብተው በጭቃ ቤት ውስጥም ሊያደርጉት የሚቻል ሥራ ነው። ሕመምተኛን ጾም እንዲጾም ማስገደድም ሥርዓቱ አይደለም፤ ቤተ ክርስቲያን ለታመመ ሰው እንደምትፈቅድ የነፍስ አባት ያስረዳል። ተሽከርካሪ ወንበርና ሰው ሠራሽ አካል የሚሰጥ የተሐድሶ ማዕከልም በባሕር ዳር ተቋቁሟል።

ወደ ታሪኩ እንመለስ። በ1964 ዓ.ም. ማብቂያ ላይ አበበ በሙኒክ ኦሊምፒክ በክብር እንግድነት ተጋበዘ። በተሽከርካሪ ወንበሩ ሲታይ በስታዲየሙ የነበረው ሕዝብ ብድግ ብሎ አጨበጨበለት። የማራቶኑ ሩጫ የዋለው፣ እንደ ሮሙ ሁሉ፣ ጳጉሜን 5 ቀን ነበር፤ ልክ በ12 ዓመቱ፣ ዳግመኛ በእንቁጣጣሽ ዋዜማ። ማሞ ወልዴ ሦስተኛ ወጣ። ያሸነፈው አሜሪካዊው ፍራንክ ሾርተር ሜዳልያውን እንደ ተቀበለ ወደ አበበ ሄዶ እጁን ጨበጠው። በአንደኛው ዋዜማ በችቦ ብርሃን በባዶ እግሩ የሮጠው ሰው በሁለተኛው ዋዜማ ተቀምጦ ሌሎች ሲሮጡ ተመለከተ። በዚያ ሰዓት በልቡ ምን ይመላለስ እንደ ነበር መናገር የእርሱ ፈንታ ነበር፤ የምናውቀው ግን ከቤቱ መውጣቱን፣ ወደ ሩጫው ሜዳ መምጣቱን፣ ፊቱንም ከሰው አለመሰወሩን ነው።

ጥቅምት 15 ቀን 1966 ዓ.ም. ሻምበል አበበ ቢቂላ በአንጎሉ ውስጥ ደም ፈስሶ በ41 ዓመቱ በአዲስ አበባ ዐረፈ። ሕመሙ ከአደጋው ጋር የተያያዘ ነበር። ባለቤቱ ወይዘሮ የውብዳር ወልደ ጊዮርጊስና 4 ልጆቹ ከኋላው ቀሩ። በቅዱስ ዮሴፍ መካነ መቃብር በሙሉ የወታደር ክብር ሲቀበር ንጉሠ ነገሥቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ተገኝተው ነበር፤ የብሔራዊ ሐዘን ቀንም ታወጀ። ለቀብሩ የወጣው ሕዝብ ወደ 65,000 እንደሚደርስ ተገምቷል።

ካረፈ 48 ዓመት ሊሞላ ጥቂት ሲቀረው፣ በነሐሴ ወር 2013 ዓ.ም.፣ የዓለም የአካል ጉዳተኞች ጨዋታ ዳግመኛ በቶኪዮ ተደረገ። እርሱ በ1957 ዓ.ም. ድል ያደረገበት ስታዲየም ፈርሶ በዚያው ቦታ አዲስ ተሠርቶ ነበር። በዚያ መሬት ላይ የማየት ችግር ያለባት ኢትዮጵያዊት ሯጭ ትዕግሥት ገዛኸኝ በ1,500 ሜትር ሁሉንም ቀድማ ገባች። ኢትዮጵያ በአካል ጉዳተኞች ኦሊምፒክ ያገኘችው የመጀመሪያው ወርቅ ይህ ነበር፤ የተገኘውም እንቁጣጣሽ ሊገባ ጥቂት ቀናት ሲቀሩት ነው።